የጋሽ ባንቴ ካልቾ

አምሀ ዕድሜውን የፈጀው ስለ ካራቴ ፊልሞች ዘጋቢ ፊልም ሲሠራ ነው። ጅቡቲ የመጣውም ለጋሽ ባንቴ ብሎ ነበር፤ ድሮ አምቡሊ ሰፈር ቪዲዮ ቤት ከፍተው፣ የካራቴ ፊልም ለከባድ መኪና ሾፌሮች በአማርኛ እየተረኩ፣ ከስክሪኑ ፊት ቆመው አየሩን ይደበድቡ ለነበሩት።

«እንደ ድሮው አንድ ካልቾ ያሳዩን» ብሎ ለመናቸው። እንግዳ ማሳፈር አልሆንላቸው ብሎ እግራቸውን ሰነዘሩና በጀርባቸው ተዘረሩ። አይ አምሀ! ሮጦ መደገፍ ሲገባው መቅረጹን ቀጠለ፤ ሲያቀናብረውም አወዳደቃቸውን ደጋገመው።

ዛሬ እዚሁ ጅቡቲ፣ ምኒልክ አደባባይ አጠገብ ፊልሙ ሲታይ አዳራሹ በሳቅ አውካካ። ከሁሉም በላይ የሳቁት ራሳቸው ጋሽ ባንቴ ነበሩ። አምሀ ግን መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ።

መብራቱ ሲበራ እጃቸውን ዘረጉለት።

«እስቲ ደግፈኝ ልጄ፤ ከዚያን ቀን ወዲህ ወገቤ እሺ አላለኝም።»