ጽሑፍ የሌለው ፊልም

በሰባ ሰባቱ ረሃብ ሱዳን፣ ገዳሪፍ ስገባ ባሌ አየነው አብሮኝ ነበር። ከዚያ እሱ በፖርት ሱዳን አድርጎ ጅዳ ተሻገረ፣ እኔ ቀረሁ። ጠብቂኝ አለኝ፤ ጠበቅሁት። ክረምቱ ሲቃረብ አብረውን የተሰደዱት የመተማ ሰዎች ለመዝራት ሊመለሱ ጓዛቸውን ሸከፉ። እኔ ሄጄ እሱ ቢመጣስ? ጨነቀኝ።

ባለሱቁ ከማሉ አርብ አርብ ከሰዓት በሩን ዘግቶ፣ መስኮቱን በጆንያ ጋርዶ የህንድ ፊልም ያሳየናል። ከሥር የሚወጣውን የዓረብኛ ጽሑፍ እያነበበ በአማርኛ ይለፈልፍልናል። የዚያን ዕለት ካሴቱን ያዋሰችው ሳራማ ነበረች፤ የክሊኒኩ ነርስ፣ ህንድ ናት፣ የኬረላ ልጅ። ፊልሙ በአገሯ ቋንቋ በማላያላም ነው፤ ጽሑፍ የሚባል የለውም። ከማሉ ምን ቸገረው። የህንድ ፊልም መጨረሻው ያው ደስታ ነው ብሎ ከራሱ እየፈጠረ ቀጠለ።

በፊልሙ ባልየው ዓረብ አገር ይሄዳል። ሚስትየው እሱ በላከው ገንዘብ የተሠራው ቤት በረንዳ ላይ ተቀምጣ መንገድ መንገዱን ታያለች። አየነው ናፈቀኝ፤ የላቡ ሽታ ሳይቀር ናፈቀኝ።

«አይዟችሁ፣ ይመጣል፤ በሚቀጥለው መርከብ ነው ያላት» አለ ከማሉ።

መርከብም የለ፣ ዘፈንም የለ። ሴትዮዋ ቤቱን ቆልፋ፣ ቁልፉን ለአማቷ ሰጥታ አውቶቡስ ተሳፈረች። በዚያው አለቀ።

«ወላሂ ቀሪው ተቆርጧል» አለ ከማሉ።

«አልተቆረጠም» አለች ሳራማ በተሰባበረ ዓረብኛ። «ድሮ የእኛም ፊልም ሴቲቱን ደጅ አስቀምጦ ባሏን ያመጣላት ነበር። አሁን ወንዱ ዓረብ አገር ሄዶ አለቀ፤ ሴቱም እንደኔ ሥራ ፍለጋ ወጣ። ፊልሙም ተከተለን። አባቴ ይኸን ሲያይ ተቆጥቶ ከሲኒማ ቤቱ ወጣ። እኔ ደግሜ አየሁት።»

«ባሏን ጠልታው ነው?» አልኳት እኔም በለቃቀምኳት ዓረብኛ።

«ትወደዋለች እንጂ። አውቶቡሱ ውስጥ ስታለቅስ አላየሽም?»

አይቻለሁ። ከማሉ ግን የደስታ ለቅሶ ነው ብሎን ነበር።

ሰኞ ጠዋት ጓዜን ይዤ ሱቁ ሄድኩ።

«አየነው ቢመጣ፣ ሚስትህ ሸጊቱ መተማ ማሽላ እየዘራች ነው በለው» አልኩት ከማሉን።

«ለምን አልጠበቀችኝም ቢለኝስ?»

«እየጠበቀችህ ነው በለው። ማሳዋ ላይ።»

የመተማው መኪና ላይ እንደወጣሁ ከከሰላ በኩል፣ በፖርት ሱዳኑ መንገድ የመጣ ሎሪ አጠገባችን ቆሞ ሰው አራገፈ። የሁሉንም ፊት አንድ በአንድ አየሁ። እሱ የለበትም። ሹፌራችን «ያላ» አለና ተነሳን።