ሮዲካ ዘሰቆጣ

ኤደን ሁለት ዓመት የጠበቀችው መጽሐፍ በአውቶቡስ ተጭኖ ሰቆጣ ሲደርስ መጠቅለያው መንገድ ላይ ተቀዶ ነበር። በመናኸሪያው ዕቃ የሚያወርደው ምንይሉ ቀዳዳውን በጣቱ አስፍቶ የሽፋኑን ፎቶ ሲመረምር ደረሰችበት። ከጎን የተነሳች፣ ፀጉሯ የተጠቀለለ፣ ትከሻዋ ላይ የቀበሮ ቆዳ የጣለች የጥንት ተዋናይት ናት።

“ይቺ ሴትዮ በዚህ ቀበሮዋ ሰሃላ ገጠር ብትሄድ ውሻ ነው የሚያባርራት” አለ ምንይሉ። “ትተዋወቃላችሁ?”

“አብረን ሠርተናል” አለችውና ነጥቃው ሄደች።

ስምንት ዓመት ሮም የኖረ ሰው ሲመለስ ሻንጣው ውስጥ ወርቅ፣ ሽቶ፣ ቢቀር ቢቀር አንድ ጠፍጣፋ ቴሌቪዥን ይጠበቃል። ኤደን ይዛ የመጣችው ግን በጣልያንኛ የተጻፉ ሁለት ወፋፍራም መጻሕፍት ነበር። ጎረቤቷ ማንጠግቦሽ ሻንጣው ሲከፈት ቆማ አይታ “ኧረ ልጄ፣ መጽሐፍማ እዚሁ ቤተ ክርስቲያን ሞልቶልሽ” ብላት ወጣች።

መጻሕፍቱን የጻፉት ኤደን ሮም ታስታምማቸው የነበሩት ጡረተኛ የታሪክ ፕሮፌሰር፣ ሲኞራ ኦርኔላ ናቸው። ዕድሜያቸውን የፈጁት በፋሽስቱ ዘመን ፊልም ላይ ነው፦ አንዲት ቆንጆ በሐር ልብስ ሶፋ ላይ ጋደም ብላ ስትስቅ ያየ ሕዝብ እንዴት አድርጎ ልጁን መርቆ ወደ ጦርነት እንደሚሸኝ። ሐሳባቸውን ኤደን ለሰቆጣ ሰው ስታስረዳ “ካድሬ ሲናገር ሰው ያዛጋል፤ ቆንጆ ስትስቅ ግን ማንም አያዛጋም” ትለው ነበር።

የሲኞራ ዓይን ሲደክም ረቂቃቸውን የምታነብላቸው እሷ ነበረች። አንድ ቀን ከሰዓት ሁለት ፎቶ ጠረጴዛ ላይ ዘርግተው ተቸገሩ፤ አንዱ የተዋናይቷ፣ አንዱ የፋሽስቱ አለቃ። “ሁለቱም ለምን ሁልጊዜ ከጎን?” አሉ ለራሳቸው።

ኤደን ሾርባ እያማሰለች ነበር። “እኛ አገር ከጎን የሚሣል ክፉ ሰው ነው” አለቻቸው። “ጻድቅ ሁለት ዓይን አለው፤ ይሁዳ ግን አንድ ነው። አባቴ የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ናቸው፤ ለይሁዳ ሁለት ዓይን የሰጠ ተማሪ በአርጩሜ ይገረፋል።”

ሲኞራ እርሳሳቸውን አስቀመጡ። “ድገሚልኝ” አሉ።

ደገመችላቸው።

“ይኼ ሦስተኛው መጽሐፍ ውስጥ ይገባል፤ ከነስምሽ። ኤደን ኪዳኑ፣ ከሰቆጣ።”

ሮም ውስጥ ከመኖሪያ ፈቃድ ቢሮ በቀር ስሟን ከነአባቷ ጠርቷት የሚያውቅ አልነበረም።

ከዚያ አባቷ አለቃ ኪዳኑ ግድግዳ ሲሥሉ ከመወጣጫው ወድቀው እግራቸው ተሰበረና ሌላ አስታማሚ ስለሌላቸው መጣች። ሲኞራ መጀመሪያ በየሳምንቱ ይደውሉ ነበር። ቀስ በቀስ ስልኩን የወንድማቸው ልጅ ያነሳ ጀመር። “ተኝታለች” ይላል። በኋላ ደግሞ “ሰው እየረሳች ነው፤ አትቀየሚያት” አለ። ድምፃቸውን ከሰማች አራት ወር ሆኗታል። የናፈቃት ሮም አይደለም፤ የሮም ደረጃ ጉልበቷን ጨርሶታል። የናፈቃት የተናገረችውን እንድትደግምለት የሚለምን ሰው ነው። እዚህ ሁሉም ይመክራታል እንጂ የሚጠይቃት የለም።

አለቃ ኪዳኑ እግራቸውን በርጩማ ላይ ዘርግተው ፀሐይ ሲሞቁ ነበር። ሽፋኑን ወደ ዓይናቸው አስጠጉ።

“አንድ ዓይን ናት” አሉ።

“ክፋቱ የእሷ አይደለም አባዬ፤ እንደዚያ ያስቀመጧት ሰዎች ነው።”

“ምን ይደረግ፣ የሚታየው የእሷ ፊት ነው። ስምሽ የት ጋ ነው?”

ገጽ ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ላይ አገኘችው። ሁሉም አለ፤ ሾርባው፣ አርጩሜው፣ የይሁዳ ዓይን። ወደ አማርኛ እየመለሰች ጮክ ብላ አነበበችላቸው። መጨረሻው ላይ ድምጿ ቆመ።

“ቀጥይ እንጂ።”

“‘ይህን የነገረችኝ ሮዲካ ናት፤ የሠዓሊ ልጅ፣ ከሰቆጣ።’”

“ሮዲካ ማናት?”

“ከእኔ በኋላ የተቀጠረችው። የሩማንያ ሰው ናት።”

አለቃ ኪዳኑ መጽሐፉን ተቀበሉ። “እና አባቷ እኔ ነኝ?”

ኤደን ልትስቅ ፈልጋ ዓይኗ እንባ ሞላ። አባቷ ይህን አይተው “ምላጬንና ብርዑን አምጪ” አሉ። በእሳቸው ሙያ ነገሩ ቀላል ነው፤ የብራና መጽሐፍ ባለቤት ሲለውጥ የድሮው ስም ተፍቆ የአዲሱ ይገባበታል። “የስንቱን ባላባት ስም ፍቄያለሁ፤ አንዲት ሮዲካ አታቅተኝም። ‘ወለተ ጊዮርጊስ’ ብዬ የክርስትና ስምሽን አስገባዋለሁ።”

“አባዬ፣ በሺህ የታተመ ነው።”

“እኛ ዘንድ ያለው አንድ ነው።”

ምላጩን ሰጥታቸው ኔትወርክ ወደሚይዝበት የአጥሩ ጥግ ሄደች። ማን እንደሚያነሳ እያወቀች ደወለች።

“ፕሮንቶ?” አሉ ሲኞራ ራሳቸው።

“ሲኞራ፣ ኤደን ነኝ።”

“ኤደንማ ወጥ ቤት ናት” አሉ ቀዝቀዝ ብለው። “አንቺ ማነሽ?”

ኤደን ዞር ብላ አየች። አባቷ መነጽራቸውን አድርገው ምላጩን ወረቀቱ ላይ አሳርፈዋል። ስልኩ ውስጥ ሲኞራ ሊዘጉ ሲሉ ትንፋሻቸው ይሰማል።

“ሮዲካ ነኝ” አለች።

“ሮዲካ። የት ጠፋሽ አንቺ? የአባትሽስ እግር? ከዚያ መወጣጫ ላይ እንዳይወጡ ንገሪያቸው ብዬሽ ነበር።”

መልስ ከመስጠቷ በፊት ስልኩን በመዳፏ ሸፈነች። “አባዬ፣ ይተዉት። አይፋቁት።”

“ምነው?”

“እኔው ነኝ።”

“ክርስትና አነሱሽ በይኛ” አሉ አለቃ ኪዳኑ። “ያለ ቄስ።”

ኤደን ስልኩን መልሳ ጆሮዋ ላይ አደረገች። ሲኞራ አሁን ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው አዲሲቱን ኤደን እያሟት ነበር፤ ጨው አታውቅም፣ ስታነብ ትቸኩላለች፣ ነገር ቢጠይቋት ትከሻዋን ትነቀንቃለች። “እንዳንቺ የሚሆን የለም፣ ሮዲካ” ይላሉ። እሷም ግንባሯን አጥሩ ላይ አስደግፋ፣ ስሟ ሲታማ፣ ካርዱ እስኪያልቅ ትሰማለች። አለቃ ኪዳኑ ምላጩን ወረቀቱ ላይ እንደያዙ ልጃቸው በማያውቁት ቋንቋ፣ በሰው ስም በተጠራች ቁጥር “አቤት” ስትል ያዳምጡ ነበር።