ሰላሳ ዘጠኝ ሰሌዳ

ኃላፊው ቀለሙ ገና ያልደረቀውን የመቃብር ሰሌዳ ከጠረጴዛው ላይ አነሳና ቀኑን በአውራ ጣቱ ጠረገው። ነጩ ቀለም በጥቁሩ ቆርቆሮ ላይ ተለቀለቀ።

"ይኸውልህ፣ ይጠፋል" አለ ጣቱን በጠረጴዛው ጠርዝ እየጠረገ። "ይህን ያህል ቀላል ነው፣ ጋሼ።"

ጋሼ የተባለው ሰው ብሩሹን ቲነር ውስጥ ነከረ። ሃያ ሰባት ዓመት ሙሉ በዚያች መንገድ ዳር ክፍል ውስጥ የሱቅ ስም፣ "ሽንት መሽናት ክልክል ነው" እና የመቃብር ሰሌዳ ሲጽፍ የኖረ ሰው ነው። የከተማው ሰው አባ ፊደል ይለዋል። በሐመሩ ሐ የሚጻፈውን በሃሌታው ሀ ጻፍልኝ ብሎ የተከራከረውን ደንበኛ ቀብድ መልሶ ያባርር ስለነበር ነው ስሙ የወጣለት። በዕድሜው አንድም ቀን የጻፈውን አጥፍቶ እንደማያውቅ ይፎክራል።

ሰኞ ረፋድ ላይ መናኸሪያው ተመታ። መድፉ የተተኮሰው ከከተማው በላይ ኮረብታው ላይ ከሰፈረው ከመንግሥት ጦር ነበር፤ ከወንዙ ማዶ ያሉትን ታጣቂዎች ሊመታ ታልሞ አጠረና ትኬት ለመቁረጥ በተሰለፈ ሰው መካከል ወደቀ። ማታውኑ የከተማው አስተዳደር አሥራ አራት ሰው እንደሞተ በራዲዮ አስነገረ። የማዶዎቹ ራዲዮ ደግሞ ሦስት መቶ አለ። አባ ፊደል ራዲዮ አላስፈለገውም። ከሰኞ ማታ እስከዚህች ሐሙስ ጠዋት ድረስ ሰላሳ ዘጠኝ ሰሌዳ ጽፏል፤ ሰላሳ ዘጠኙም ላይ የሞቱበት ቀን ሰኞ ነው።

ኃላፊው የአባ ፊደል ሚስት ታናሽ ወንድም ነው። በዚሁ ቤት አድጎ፣ ተምሮ፣ የከተማው ኮሙኒኬሽን ኃላፊ ሆኗል።

"ነገ አጣሪ ቡድን ይመጣል" አለ። "መቃብሩን ፎቶ ያነሳሉ። ሃያ አምስቱን ቀናቸውን ቀይርልኝ። አንዱን ያለፈው ወር፣ አንዱን ካቻምና፣ እንደፈለግህ በታትናቸው። ስማቸውን ንካ አላልኩህም።"

"ለምን ሃያ አምስት?"

"አሥራ አራት ተብሏላ።"

"ያለው ማን ነው?"

የኃላፊው ፊት ቀላ። መግለጫውን የጻፈው ራሱ እንደሆነ ሁለቱም ያውቃሉ። ከዚያ በኋላ የተናገረው ግማሹ እሮሮ ግማሹ ዛቻ ነበር። አሥራ አራት ያለው ሰኞ ማታ ከሆስፒታል የደረሰውን የመጀመሪያ ቁጥር ይዞ ነው። ማግስቱን ቁጥሩ ሲያድግ ላስተካክል ብሎ ወደ ላይ ጠይቆ፣ "አንዴ ተናግረሃል፣ አፍህን ያዝ" ተብሎ ተመለሰ። አሁን ሰላሳ ዘጠኝ ነው ቢባል ማዶዎቹ "ይኸው ዋሽተው ነበር፣ እንግዲያው ሦስት መቶውም እውነት ነው" ይላሉ፤ ሕዝቡም ደንግጦ ከተማውን ባዶ ያደርገዋል። ደግሞስ የሞተው ሞቷል፤ የተጻፈበት ቀን ምን ይጨምርለታል?

አባ ፊደል እስከ መጨረሻው ሰማው።

"ሰኞ የሞተውን ሰው ካቻምና ልግደለው?" አለ።

"እህቴን አስብ እንጂ! ሆስፒታሉ ውስጥ ጽዳት ያስገባኋት እኔ ነኝ። ያስገባ እጅ ማስወጣትም ያውቃል።"

"እጅህን ከሰሌዳው ላይ አንሳ።"

ኃላፊው ሰሌዳውን ጠረጴዛው ላይ ወርውሮ ወጣ። የአባ ፊደል ሚስት ከጓዳ መጥታ በሩን ተደግፋ ቆመች፤ ሁሉንም ሰምታለች። ወንድሟን አልደገፈችም፣ ባሏንም አላመሰገነችም። ለሞቱት ስትሟገት በቁም ያለነውን ልትቀብረን ነው ብላው ወደ ሥራዋ ሄደች። እሱ የተለቀለቀውን በቲነር አጽድቶ ቀኑን እንደገና ጻፈ።

ከቀትር በኋላ አንድ የማያውቀው ሰው መጣ። የቆዳ ጃኬት ለብሷል፤ ከገባ ጀምሮ ጀርባውን ለግድግዳ ሰጥቶ ዓይኑን ከመንገዱ አልነቀለም። ስልሳ ሰሌዳ እንደሚፈልግ፣ ለነገ ጠዋት ሁለት ሰዓት መድረስ እንዳለበት፣ ሁሉም ላይ ሰኞ እንደሚጻፍ ተናገረና ስምንት ቦታ የታጠፈ ወረቀት ሰጠው። የአፈሩን ጉብታ እነሱው ይከምሩታል፤ ከሱ የሚጠበቀው ጽሑፉ ብቻ ነው። የመጣው ከየት ወገን እንደሆነ መናገር አላስፈለገውም።

አባ ፊደል መነጽሩን አድርጎ ዝርዝሩን ወረደበት። አሥራ አንደኛው ስም ላይ ቆመ።

"ይህን ሰውዬ ከስድስት ዓመት በፊት ጽፌዋለሁ" አለ። "ስኳር ነው የገደለው። ደግሞ ስሙ በንጉሡ ሠ ነው፤ እናንተ በእሳቱ ሰ አድርጋችሁታል።"

ሰውየው አልሳቀም። አባ ፊደል ጣቱን ወደ ታች አወረደ። "ይቺ ደግሞ ዛሬ ጠዋት በደጄ ስታልፍ እንዴት አደርክ ብላኛለች።"

"አባቴ፣ ቁጥር ካልጮኸ ማንም አይሰማም። ለሰላሳ ዘጠኝ ሰው ማን ከወንበሩ ይነሳል?"

"ሰላሳ ዘጠኝ አነሰህ?"

ባለጃኬቱ ወረቀቱን ተቀብሎ እንደነበረው አጣጠፈው። ሲወጣ ድምፁን እንኳ ከፍ አላደረገም። እነሱም ሌላ ዝርዝር እንዳላቸው፣ ከተማው የተያዘ ቀን እንደሚነበብ፣ የማን ስም በየትኛው ሀ እንደሚጻፍ ያን ጊዜ እንደሚተያዩ ነግሮት ሄደ። አባ ፊደል ሰላሳ ዘጠነኛውን ሰሌዳ በብብቱ ይዞ ወደ መቃብሩ ወጣና ገና ሳይመሽ ራሱ ተከለው።

አርብ በማለዳ ተመልሶ ሲሄድ ከሰላሳ ዘጠኙ አሥራ አራት ሰሌዳ ብቻ ቆሞ አገኘ። የቀረው ቦታ ላይ የእንጨቱ ጉድጓድ ብቻ ነበር። የመቃብሩ ዘበኛ ዓይኑን እያሸሸ፣ ጎህ ሲቀድ የማዘጋጃ ቤት ቀን ሠራተኞች በአይሱዙ መጥተው እንደነቀሉት ነገረው።

አጣሪዎቹ አራት ሰዓት ላይ ደረሱ። ሁለት ወንዶችና አንዲት ሴት ናቸው፤ የቡድኑ መሪ ሴትዮዋ ነበረች። ከኋላቸው የከተማው ሰው ግልብጥ ብሎ ወጥቷል። ኃላፊው ከፊት ሆኖ እያስጎበኘ፣ ሰሌዳ የሌላቸው ጉብታዎች ዘመድ ያልጠየቃቸው የቆዩ መቃብሮች እንደሆኑ አስረዳ። ከሕዝቡ መሃል ባለጃኬቱ የሞተው ሦስት መቶ ነው፣ የቀረውን ወንዝ ውስጥ ጥለውታል ብሎ ጮኸ። ወዲያው ሰው ለሁለት ተከፈለ። ውሸታም፣ ነፍሰ ገዳይ መባባል፣ ከዚያም መገፋፋት መጣ፤ ፖሊሶች ዱላቸውን አወጡ። የሟች ቤተሰቦች መሃል ላይ ቆመው ከዚህም ከዚያም ይገፋሉ።

ሴትዮዋ ጩኸቱ ጋብ እስኪል ጠብቃ ሰሌዳዎቹን የጻፈው ማን እንደሆነ ጠየቀች።

"እኔ ነኝ" አለ አባ ፊደል።

"ስንት ጻፉ?"

የሚስቱ ወንድም አየው። ባለጃኬቱም አየው።

"ሰላሳ ዘጠኝ።"

"እርግጠኛ ነዎት?"

"ቆርቆሮውን የቆረጥኩት እኔ፣ ፊደሉን የጣልኩት እኔ። ከሰላሳ ዘጠኝ አንድ አይጨምርም፣ አንድ አይቀንስም።"

ከዚያ ሰሌዳ የሌላቸውን ጉብታዎች አንድ በአንድ እየዞረ አሳያት። እዚህ ሾፌሩ፣ እዚያ ጋ ረዳቱ፣ ቀጥሎ መንታዎቹ ተማሪዎች፣ ጥጉ ላይ ሰፈርተኛው አዋጥቶ ሰሌዳ ያሠራላት ማንነቷ ያልታወቀ ሴት። የአንዱንም መቃብር አልሳተም። አፈሩ ርጥብ እንደሆነ ለማየት ዓይን ብቻ በቂ ነበር። ሴትዮዋ ጻፈች፤ ጓደኞቿ ፎቶ አነሱ።

ሲጨርስ ያመሰገነው አልነበረም። ኃላፊው ባጠገቡ ሲያልፍ ጥርሱን ነክሶ "አሳደግከኝ፣ አዋረድከኝ" አለው። ከማዶዎቹ ደጋፊዎች አንዱ ሁለት መቶ ስልሳ አንድ ሰው ገደልክ ብሎ እግሩ ሥር ተፋበት፤ ሌላው ኮሌታውን ይዞ ጎተተውና ቀደደው። ቤቱ እስኪደርስ ድረስ ሰላም ያለው ሰው የለም። እንዲያም ሆኖ አንገቱን አልደፋም፤ ልክ የሆነውን ቁጥር ተናግሬያለሁ ብሎ በልቡ ኮርቶ ነበር።

ሚስቱ ክፍሉ ውስጥ በርጩማ ላይ ተቀምጣ ነበር፤ የሥራ ጋዋኗን አጣጥፋ ጭኗ ላይ አስቀምጣዋለች። ወንድሟ መደወሉን፣ ከነገ ጀምሮ እንዳትመጣ መባሏን በሁለት ቃል ነገረችውና ጀርባዋን ሰጠችው። እሱ መቀሱንና ቆርቆሮውን በከንቱ ሲያነሳ ሲጥል ቆየ።

በዚህ መሃል መናኸሪያው በር ላይ የተቀቀለ እንቁላል የሚሸጡት ሴትዮ ገቡ። ተቀመጡ ቢላቸው አልተቀመጡም።

"አንድ አይጨምርም ብለሃል አሉ" አሉት። "ልጄን የት አደረግሃት?"

የመጨረሻ ልጃቸው ሰኞ ዕለት አብራቸው እንቁላል ትሸጥ ነበር። ተመትታ ሆስፒታል ገባችና ረቡዕ ማታ ሞተች። ሐሙስ ጠዋት ከአባቷ ጎን ቀበሯት፤ ሰሌዳ አላሠሩላትም። ከሆስፒታል የተሰጣቸውን ወረቀት አውጥተው ዘረጉለት። የሞት ምክንያት፣ የደም ማነስ፤ ቀን፣ ረቡዕ። አስተዳደሩ ጋ ቢሄዱ በሽታ ነው ብለው መለሷቸው።

"ማዶዎቹ ሦስት መቶ ሲሉ የሷን ስም አያውቁትም። ላንተም የለችም" አሉ። "ሰኞ ብለህ ጻፍልኝና ከጓደኞቿ ጋር ትቆጠር።"

አባ ፊደል ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበው። "እናቴ፣ የሞተችው ረቡዕ ነው። ሰኞ ብዬ ከጻፍኩ ቀን ቀይርልኝ ካለኝ ሰው በምን እለያለሁ?"

"የገደሏት ሰኞ ነው። እስከ ረቡዕ የቀራትን ነው የጨረሰችው።"

"ወረቀቱ ደም ማነስ ይላል።"

"ደም ማነስ አይደለም" አለች ሚስቱ።

ፊቷን አላዞረችም። ጋዋኑን እያሻሸች፣ ለግድግዳው የምትነግር ይመስል ቀጠለች። "ሰባት ቁጥር አልጋ። ሆዷ ውስጥ ብረት ነበር። ደሙን የጠረግኩት እኔ ነኝ፤ ሦስት ባልዲ ውሃ ፈጅቶብኛል። አነሳት የተባለው ደም እሱ ነው፣ ወለል ላይ የፈሰሰው።"

"ለምን አልነገርሽኝም?"

"ጠይቀኸኝ ታውቃለህ? ቆርቆሮህን ነው የምትቆጥረው።"

አባ ፊደል ጠዋት የአጣሪዎቹ መሪ እርግጠኛ ነዎት ስትለው የመለሰላትን አስታወሰና ጆሮው ጋለ። እሱ የቆጠረው የሞተውን ሰው ሳይሆን በሩን ያንኳኳውን ደንበኛ ኖሯል።

መቀሱን አነሳና ቆርቆሮ ቆረጠ። የልጅቷን ስም ጠይቆ፣ በየትኛው ፊደል እንደሚጻፍ አጣርቶ ጻፈው። ከሥሩ፣ "ሰኞ ቆሰለች፣ ረቡዕ ሞተች" አለ። ሁለት ቀን የሰፈረበት ሰሌዳ ጽፎ አያውቅም፤ መስመሩ ስለጠበበው መጨረሻ ላይ ያሉት ፊደሎች ኮስሰው ተጨናነቁ። ሌላ ጊዜ ቢሆን ጥሎ አዲስ ይጀምር ነበር። ሴትዮዋ ማንበብ ስለማይችሉ ድምፁን አሰምቶ አነበበላቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ።

አጣሪዎቹ ካረፉበት የእንግዳ ማረፊያ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ እንደሚነሱ ሰምቷል፤ አሁን አሥር ሰዓት አልፏል። ሄዶ አርባ ናቸው ቢል ምን እንደሚከተል ልቦናው አላጣውም። የሚስቱ ወንድም "ጠዋት ሰላሳ ዘጠኝ፣ ከሰዓት አርባ፤ ይህ ነው ምስክራችሁ?" ይላል። ባለጃኬቱም "ቆይ፣ ቀስ እያለ ሦስት መቶ ይገባል" ብሎ ይስቅበታል። የሰጠው ቃል ሁሉ አብሮ ሊጣል ይችላል፤ ከልጅቷ ጋር ሰላሳ ዘጠኙም።

የተቀደደውን ሸሚዝ ቀየረና ሰሌዳውን ቀለሙ እንዳይነካ በሁለት ጠርዙ ያዘው።

"ምን ልትላቸው ነው?" አለች ሚስቱ።

"ተሳስቻለሁ ልላቸው።"

ተነስታ ሻርፗን ከምስማሩ ላይ አወረደች። "ደሙን አንተ አላየኸውም፤ የምናገረው እኔ ነኝ" አለች። "ላንተ ብዬ እንዳይመስልህ።"

ሴትዮዋን መሃል አድርገው መንገዱን ተሻግረው ወረዱ። ከሱቆቹ በረንዳ ላይ የሚያዩዋቸው ሰዎች ነበሩ፤ አንዱ የስድብ ቃል ወርውሯል። የእንግዳ ማረፊያው በር ላይ የቆመው ፖሊስ አባ ፊደልን ከጠዋቱ አውቆታል። እጁን ዘርግቶ አስቆመው።

"አንተ ቃልህን ሰጥተህ የለም እንዴ?"

"ሰጥቻለሁ" አለ አባ ፊደል። "ልክ አልነበረም።"