የለቅሶው ቁራኛ

ኑ ልጆቼ፣ ጠጋ ጠጋ በሉና ተቀመጡ። አንተ በሩ ላይ የቆምከውም ግባ፤ ነፋሱ ቃሌን ይወስድብኛል። እኔ ከዳዊት ወዲያ ያልተማርኩ ሰው ነኝና መጽሐፍ ጸሐፊዎች እንደሚያደርጉት አሳምሬ ባልናገር ይቅር በሉኝ። ነገሩን ግን ካየው ሰው አፍ ነው የሰማሁት። ያየውም የጨፌ ገበያው ኮርቻ ሰሪ ይርዳው ነው።

ያን ዕለት ማምሻውን ይርዳው ራቱን ሳይቀምስ ከደጁ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ነበር። ቀን ሱቁ ድረስ መጥተው አንድ ወሬ ነግረውታል። ያ ፈረንጅ ጋዜጠኛ፣ ሚስተር ዳልተን የሚባለው፣ ተመልሶ መጥቷል። ስለ አገራችን መለወጥ ትልቅ መጽሐፍ ይጽፋል፤ መኪና ማቆሚያው አጠገብ ካለው ሆቴል አርፎ «የአመፁን መሪ ሽማግሌ» እያፈላለገ ነው። የአመፁ መሪ የሚለው እንግዲህ ይርዳውን ነው።

ምን አመፅ ትሉኝ ይሆናል። መንግሥት በተለወጠበት ዓመት የይርዳው ታላቅ ወንድም ደምሴ ሳንባውን ታሞ በአልጋው ላይ ሞተ። እንደ አገሩ ወግ ፈረሱ ተጫነ፤ ካባው በኮርቻው ላይ ተደርጎ፣ ጠመንጃው ከፍ ብሎ እየታየ ወደ ለቅሶው ሜዳ ወጣ። ይርዳው ከፊት ሆኖ የወንድሙን ጀግንነት እያነሣ ይፎክራል። አንድ ልጁ አስረስ የአጎቱን ፈረስ ይስባል። በዚያ አገር አቻ ያልተገኘላት አልቃሽ፣ እትዬ ድንቄ፣ ግጥሙን ታወርዳለች፤ ሕዝቡም ደረቱን ይመታል። በዚህ መካከል ሚስተር ዳልተን ወደ ዋናው ከተማ ሲያልፍ ድልድዩ ላይ መኪናውን አስቆመ። በመስኮቱ በኩል ፎቶ አነሣ። እግሩ አቧራውን ሳይነካ፣ ይህ ምንድን ነው ብሎ አንድ ሰው እንኳ ሳይጠይቅ ሄደ። ሄዶም «የጨፌ ገበያ ሕዝብ በአዲሱ መንግሥት ላይ ጠመንጃ አነሣ» ብሎ ጻፈ። ጋዜጣው ለሬዲዮ፣ ሬዲዮው ለአውራጃው ሹም አደረሰው። ሹሙ ወታደር ልኮ በፎቶው ላይ ፈረስ የያዘውን ወጣት አስወሰደ።

አስረስ በእግሩ አልተመለሰም። ሬሳው በብርድ ልብስ ተጠቅልሎ ሲመጣ፣ ድምፁን ያሰማ ሁሉ እንዳመፀ ይቆጠራል ተባለ። ይርዳው ልጁን ያለ ለቅሶ ቀበረ። ከዚያ ወዲያ ስንት መስከረም ጠባ፤ ሹሙም ተሽሮ ሄደ፤ ፍርሃቱ ግን ከሰው ልብ ሳይወጣ ቀረ። ዛሬም በገበያው ይርዳውን «የሽፍታው አባት» የሚለው አይጠፋም። ፈረንጁ ደግሞ በዚያች ፎቶ ተሸልሞባታል።

እናም ይርዳው ያን ማታ የቆዳ መቁረጫ ቢላዋውን ስሎ፣ ከትራሱ ሥር አድርጎ፣ ነገ ማለዳ የሚሆነውን በልቡ እያሰላሰለ ተጋደመ። ዓይኑን እንደከደነም እትዬ ድንቄ፣ ከሞተች የቆየችው አልቃሽ፣ መቀነቷን ጠበቅ አድርጋ ከራስጌው ቆማ አገኛት።

«ተነሥ አንተ ይርዳው» አለችው። «ቢላዋውን ተወው፤ የምንሄድበት አገር ቆዳ አይቆረጥም።»

ተከተላት። አስቀድማ ያደረሰችው ፀሐይ የማትወጣበትና የማትጠልቅበት፣ ሁልጊዜ አንድ ዓይነት አመድማ ብርሃን ወዳለበት አንድ ሰፊ ሸለቆ ነበር። በዚያ ሸለቆ ከአድማስ እስከ አድማስ ሰው ቆሟል፤ ግን አንዱም አይንቀሳቀስም። ግማሹ እጁን ለልመና እንደዘረጋ፣ ግማሹ ጠመንጃውን እንዳነሣ፣ እናቶች አፋቸውን ለጩኸት እንደከፈቱ ደርቀው ቀርተዋል። የሚስቅ የለም፤ የሚያገባ፣ የሚያርስ፣ ከጎረቤቱ የሚጨቃጨቅም የለም።

«እትዬ ድንቄ፣ እነዚህ እነማን ናቸው?»

«መንግሥታቸው በተለወጠ ጊዜ መንገደኛ በመስኮት አይቶ የጻፋቸው ሰዎች ናቸው። ሰዎቹ በየቤታቸው ኖረው ሞተዋል፤ የተጻፉት ግን እዚህ ቆመው ይኖራሉ። ዓለም የሚያውቀው እነዚህን ነው።»

ይርዳው ሲመለከት ራሱን አየ፤ አፉን እንደከፈተ፣ ዓይኑ እንደፈጠጠ። ከኋላው ደግሞ አስረስ የፈረሱን ልጓም ይዞ ቆሟል። ሮጦ ሄዶ በስሙ ጠራው፤ ፊቱን ዳሰሰው። ልጁ ዘወር አላለም። ያ የተጻፈው አስረስ ሽፍታ ነበርና አባቱን አያውቅም።

ይርዳው እንደ ሕፃን ሲንሰቀሰቅ እትዬ ድንቄ ክንዱን ደግፋ በሸለቆው ጫፍ ያለውን ወንዝ አሻገረችው። የተሻገሩበት ሳንቃ የድሮው የእስር ቤት በር ነበር፤ ተነቅሎ መሻገሪያ ሆኗል። ወዲያ ማዶ ያለችው ጨፌ ገበያ ናት፤ ነገር ግን ምን ዓይነት ጨፌ ገበያ! የወታደሩ ሰፈር የዘር እህል ጎተራ ሆኖ ገበሬው ያለ ደጅ ጥናት ይገባል ይወጣል። ዳኛው በዋርካው ሥር ተቀምጦ የሁሉን አቤቱታ ይሰማል፤ ሹሙ ሊጠይቅ ሲመጣ በእግሩ ይመጣል። በከተማይቱ በር የሚደርሰው የውጭ አገር ሰውም አይፈተሽም፣ አይፈራም፤ እግሩ ይታጠብለታል። ከታጠበ በኋላ ግን የልብሱ ጫፍ ሊጽፍበት ካሰበው ሰው ኩታ ጫፍ ጋር ይቋጠራል። በድሮ ዘመን ከሳሽና ተከሳሽ ከዳኛ ፊት እስኪቀርቡ አንዱ ከሌላው እንዳይለይ እንዲህ ይታሰሩ ነበር፤ ይህም ቁራኛ ይባላል።

ይርዳው አንዱን ረጅም ፈረንጅ ከአንዲት ጉልት ቸርቻሪ ጋር ተቋጥሮ የሽንኩርት ኬሻዋን ተሸክሞ ሲንገታገት አየው።

«ስለ አገሯ አልቅሳለች ብለህ ጻፍክብኝ አይደል?» ትለዋለች ሴትዮዋ። «ሽንኩርት እየከተፍኩ ነበር የኔ ጌታ። ዛሬ አንተ ትከትፋለህ፣ እኔ እጽፋለሁ።»

ከዋርካው ፊት ለፊት ደግሞ ፂማቸው የነጣ ጸሐፊዎች በሰልፍ ቆመው፣ በወጣትነታቸው የጻፉትን በአገሩ ቋንቋ፣ በገዛ አፋቸው ለሕዝቡ ያነባሉ። ውሸት ላይ ሲደርሱ ሕዝቡ ዝም ብሎ እጁን ያነሣል፤ እነሱም እንደገና ከመጀመሪያው ይጀምራሉ። የይርዳው ልብ ብዙ ዘመን ያላገኘውን ደስታ አገኘ።

«ይገረፋሉ?» ብሎ ጠየቀ፤ ቢገረፉ ይወድ ነበር።

«በማን እጅ? ያነባሉ፣ ይኸው ነው።»

«እስከ መቼ?»

«የተጻፈበት ሰው ‹አዎ፣ እኔ ነኝ› እስኪል።»

በሰልፉ መጨረሻ ሚስተር ዳልተን ቆሟል። በግራው በኩል ሌላ ሰው ታስሯል፤ ይርዳው ቀረብ ብሎ ሲያየው ያ የአውራጃው ሹም ነው። እሱ ደግሞ ምን ጽፎ ነው አለ። እትዬ ድንቄም ሹሙ ምንም እንዳልጻፈ ነገረችው። ጨፌ ገበያ ከቢሮው የግማሽ ቀን መንገድ ነበረች፤ መጥቶ ከመጠየቅ ይልቅ የገዛ አገሩን ነገር ከሰው አገር ሬዲዮ ሰምቶ ፈረደ። ስለዚህ ማሰሪያው ከሁለቱ በሱ በኩል ይበልጥ ይጠብቃል።

ይርዳው ግን ዓይኑን ከዳልተን አላነሣም። «ቢላዋዬን መልሽልኝ፣ እትዬ ድንቄ።»

«ገድለኸው ምን ይጻፋል? አመፀኛው ሽማግሌ ጋዜጠኛ ገደለ ይባላል። አስረስም በዚያ ሸለቆ ልጓም እንደያዘ ይቀራል፤ የሚፈታው ይሄ ሰው ብቻ ነው።» ከዚያ እንደ ጥንቱ ለግጥም እንደምታደርገው ድምጿን ዝቅ አደረገች። «ሞትን አትስጠው፤ ሞት ለሱ ዕረፍት ነው። ለቅሶውን ስጠው።»

ይርዳው ሲነቃ ነግቶ ነበር። ቢላዋው ከትራሱ ሥር እንዳለ ነው፤ ጣቶቹ ግን የኩታውን ጫፍ ጨብጠዋል። ተነሥቶ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ሄደና ያየውን ሁሉ ለሕዝቡ ተናገረ። እኔም ከዚያው ነበርኩ። በመጨረሻ፣ ዛሬ ለቅሶ አለ አለን። የማን ነው ብንለው፣ «የልጄ» አለ። ማንም ቀና ብሎ ያየው አልነበረም፤ ግን ማንም ወደ ቤቱ አልሄደም።

ከሆቴሉ ሲደርስ ሚስተር ዳልተን ከአስተርጓሚው ከትርሲት ጋር ቁርስ ላይ ነበር። ሽማግሌውን ሲያይ ደስ ብሎት ተነሣ። ይርዳው የኩታውን ጫፍ ከሰውየው ኮት ጫፍ ጋር አጥብቆ ቋጠረው፤ የኮርቻ ሰሪ ቋጠሮ መቼም ታውቁታላችሁ። ዳልተን የእንግዳ መቀበያ ወግ መስሎት ፈገግ ብሎ፣ ፎቶ አንሺኝ ብሎ ስልኩን ለትርሲት ሰጣት። እሷ ግን ፊቷ ተለዋውጦ ነበር።

«አባባ ይርዳው፣ ምን ልበለው?»

«ከሳሹ ነኝ በይው።»

ነገረችው። ፈገግታው ከፊቱ ላይ እንዴት እንደወረደ ትርሲት ዛሬም ታወራዋለች። ሊፈታው ታገለ፤ ኮቱን ሊያወልቅም ሞከረ፤ ከዚያ በረንዳው ሙሉ ሰው እንደሚያየው ሲረዳ ተወው።

እኛ በለቅሶው ሜዳ ፈረስ ጭነን ጠበቅናቸው። ይርዳው ልጓሙን ለፈረንጁ አስጨበጠው፤ «ልጄ የያዘውን ያዝ» አለው። ከዚያም ስንት ዓመት አፍኖ የኖረውን ፉከራ ለልጁ አወረደው። ሴቶቹ ደረታቸውን መቱ፤ የአስረስ ኮት ከኮርቻው ላይ ተንጠለጠለ። ትርሲት እያንዳንዱን ቃል በዳልተን ጆሮ ትነግረዋለች፤ ድምጿ መሃል ላይ ይቆረጥና ይቀጥላል። ሰውየው አንገቱን ደፋ።

በዚያን ጊዜ ነው ድልድዩ ላይ አንዲት እንግዳ መኪና የቆመችው። መስኮቷ ዝቅ አለ፤ ስልክ የያዘ እጅ ወጣ፤ ወደ ሕዝቡ፣ ወደ ፈረሱ፣ ልጓም ወደ ያዘው ፈረንጅ ተዘረጋ። ዳልተን አየ። ፊቱ አመድ መሰለ። ወደ ድልድዩ ሊሮጥ ሲል ኩታው ያዘው። ያን ዕለት በተማረው ብቸኛ የኛ ቃል፣ «ለቅሶ! ለቅሶ!» እያለ ጮኸ። መኪናዋ መስኮቷን ዘግታ ሄደች።

«ጩህ» አለው ይርዳው። «እኔም ጮኼ ነበር።»

ኩታው የተፈታው ሰውየው ከዚያው ሣር ላይ ተቀምጦ ያየውን ከጻፈ፣ ቆሞም በትርሲት አፍ ለሕዝቡ ካነበበ በኋላ ነው። ብዙ ጊዜ እጅ ተነሣ፤ ብዙ ጊዜ ከመጀመሪያው ጀመረ። በመጨረሻ ይርዳው ዓይኑን ጨፍኖ ሰማና «አዎ፣ ልጄ ነው» አለ።

ያቺ መኪና ያነሣችው ፎቶ ግን የት እንደደረሰ አናውቅም። እንግዲህ ልጆቼ፣ አንድ ቀን በእጃችሁ ብትገባ፣ ሥሯ ምንም ተጽፎ ቢሆን፣ ይህችን ብቻ አስታውሱልኝ፤ የሚታየው ለቅሶ ነው፤ የሚለቀስለትም አስረስ ይባል ነበር፤ ያኔ የያዘውም የአጎቱን ፈረስ ነበር።