የተላጨው ፈርን

አማቷ ለዓይናቸው ሕክምና ሴት ልጃቸው ዘንድ ሲሄዱ፣ ፈርን የሚባለውን የማሰሮ ተክላቸውን አደራ ያሉት ለምራታቸው ለልብስ ሰፊዋ ነው። ሟች ባላቸው ከሃያ ዓመት በፊት በእጃቸው የተከሉላቸው ነው። "ፀሐይ አታሳዪው፣ አፈሩም አይድረቅበት" አሏት፤ በቃ።

እሷም መታጠቢያ ቤት ውስጥ፣ ጥላና እርጥበት ባለበት አስቀምጣ እንደ አራስ ተንከባከበችው። ቅጠሉ ተንዠርግጎ ወለል ነካ። አንድ ጠዋት ገልበጥ ብታደርገው፣ ከቅጠሉ ሥር ቡናማ ነጠብጣብ በስፌት መኪና የተሰፋ ይመስል ግራና ቀኝ ተደርድሯል።

"ተባይ!"

በሳሙና ውሃ አጠበችው፤ አልለቅ አለ። በጥፍሯ ፋቀችው፤ ሌላውም ላይ አለ። እልኋ መጣና በጨርቅ መቀሷ አንድ ሳታስቀር ከረከመችው።

ከዚያ ከቆረጠቻቸው አንዷን ቅጠል ይዛ፣ ተባዩ እንዳይመለስ መድኃኒት ልትጠይቅ ችግኝ ሻጩ ጋ ሄደች።

"እትዬ፣ ይሄ እኮ ዘሩ ነው" አላት። "ፈርን አበባ የለው፣ የሚራባው በዚህ ነው። ደህና ስለያዝሽው ነው ያወጣው።"

ቅጠሏን በነጠላዋ ጠቅልላ ወደ ቤቷ ተመለሰች። ማሰሮው ውስጥ ጉቶ ብቻ ቢቀርም ውሃውን አላቋረጠችም። ዳግመኛ እጄን አልሰድበትም ብላ ከሩቅ ታጠጣለች።

"አፈር ታጠጫለሽ እንዴ?" ይላታል ባሏ።

በወሩ አማቷ እንደሚመለሱ ተሰማ።

"ሌላ ገዝተን እንተካው" አለ ባሏ። "አንድ ዓይኗ ተሸፍኗል፣ ሌላው ድሮም አያይ። በምን ታውቃለች?"

"እናትህ እኮ ናቸው!"

"እናቴ ስለሆነች ነዋ የምፈራት!"

"እኔ አልዋሻቸውም። ከፈለጉ ይርገሙኝ።"

አማቷ ገብተው ሳያርፉ ማሰሮውን ጭናቸው ላይ አስቀመጠችላቸው። "እማማ፣ ተባይ መስሎኝ ላጨሁት" አለች።

አሮጊቷ ጣታቸውን አፈሩ ላይ አርመሰመሱ። ድንገት ጣታቸው ቆመ። "እጅሽን አምጪ።"

ጣቷ አንድ ፀጉራም፣ እንደ ሕፃን ጭብጥ የተጠቀለለ ነገር ነካ። አጠገቡ ሌላ። ደግሞ ሌላ።

"አዲስ ቅጠል ነው። ተጠቅልሎ ነው የሚወጣው" አሉ። "ሟቹም በመጀመሪያው ዓመት ተባይ ነው ብሎ ላጭቶት ነበር። ሦስት ቀን ዘጋሁት።"

"እኔንስ እማማ?"

"አንቺን ዘግቼ ከማን ጋር ላወራ? ከዚህ ጋር?" ወደ ልጃቸው በአገጫቸው ጠቆሙ። "ተነሺ፣ ማጠጫውን አምጪ።"

እንባዋን በመዳፏ ጠርጋ ስትነሳ፣ ባሏ መቀሷን ከጠረጴዛው ላይ አንስቶ ከጀርባው ደበቀ።