ምንም አልነካችም

የእኔ ሥራ መጻፍ ብቻ ነበር። ጠረጴዛው ላይ ዕቃ ይዘረጋል፤ ልጁ እንደታዘዘው ካደረገ አንድ፣ ካላደረገ ዜሮ። ጠያቂዋ አለቃዬ ናቸው፤ በዚያ ክፍል አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሠሩ፣ ድምፃቸው ከፍም ዝቅም የማይል ሴት። እኔ ከዩኒቨርሲቲ ከወጣሁ ዓመት አልሞላኝም። ከጀርባቸው ባለችው ወንበር ተቀምጬ ቅጹን እሞላለሁ። ሰው ፊት መናገር ላብ ስለሚያጠምቀኝ ሥራው ተመችቶኝ ነበር።

ቅጹ ሃያ አራት ጥያቄ አለው። የአእምሮ እድገት ውስንነት ያለበት ልጅ ዘጠኙን ካገኘ ልዩ ድጋፍ በሚሰጥበት ክፍል ቦታ ይያዝለታል። ካላገኘ «ለትምህርት ዝግጁ አይደለም» ተብሎ ወደ ቤቱ ይመለሳል፤ ለዓመት የሚጠራው የለም። ከታች ሁለት ፊርማ አለ፤ የእሳቸውና የእኔ።

ማክሰኞ ጠዋት የአንዲት ልብስ ሰፊ ልጅ ተራ ደረሰ። አሥር ዓመቷ ነው። እናቷ ሜትሯ አንገቷ ላይ እንደተንጠለጠለ ነበር የመጣችው፤ ከሥራ ተነሥታ መሮጧ ያስታውቃል። በር ላይ የልጅቷን ኮሌታ አቃናችና «በይ ዳኛዬ፣ እንደነገርኩሽ» አለቻት። ወላጅ ወደ ውስጥ አይገባም፤ ደንብ ነው።

አለቃዬ አራት ባለቀለም እንጨቶች ደረደሩ። «ቀዩን ስጪኝ» አሉ።

ልጅቷ ሁለቱንም እጆቿን ከጭኖቿ ሥር ከተተችና ቀና ብላ አየቻቸው። «የማን ነው?»

መመሪያው ጠያቂው ለልጁ ጥያቄ መልስ እንዳይሰጥ ያዛል። ትእዛዙን አንድ ጊዜ ይደግማል፣ ከዚያ ያልፋል። አለቃዬ ደገሙ። ልጅቷም ደገመች። ዜሮ ጻፍኩ።

ዶቃና ክር መጣ። የማን ነው? ዜሮ። እርሳስና ወረቀት። የማን ነው? ዜሮ። ቁልፍ ያለው ሸሚዝ ሲወጣ ዓይኗ በራ። ጎንበስ ብላ ስፌቱን መረመረች፤ በዓይኗ ገልብጣ ውስጡን ያየችው መሰለኝ። እጇ ግን ንቅንቅ አላለም። ስሟን ስትጠየቅ ተናገረች። «አፍንጫሽን ንኪ» ስትባል አንድ እጇን አውጥታ ነካች፤ የአፍንጫዋን ባለቤት መጠየቅ አላስፈለጋትም። በድምሩ ሁለት አገኘች። «አስተያየት» ከሚለው ፊት ለፊት በራሴ እጅ «አንድ አባባል ያለ ምክንያት ትደጋግማለች» ብዬ ጻፍኩ። የእጅ ጽሑፌ ያምራል፤ ሁሉም ይሉኛል።

ልጅቷን ይዤ ወደ ኮሪደሩ ስወጣ እናቷ ብድግ አለች።

«እህቴ፣ እንዴት ሆነች? ነካካች እንዴ?»

«አይ፣ ምንም አልነካችም።»

እናትዬው ዓይኖቿን ጨፈነች። ከዚያ ልጅቷን ወደ ደረቷ ስባ ሁለት ጉንጮቿን ሳመቻት፣ «የኔ ጀግና» አለቻት፣ መልሳ ሳመቻት። አጠገቧ ወረፋ ለሚጠብቁት ሁሉ ምንም እንዳልነካች አበሰረች። እኔ በሩን እንደያዝኩ ቀረሁ።

ሳልጠይቃት ነገረችኝ። ከሁለት ዓመት በፊት ልጅቷ ከመቁረጫው ጠረጴዛ ላይ መቀስ አንሥታ የደንበኛ ቀሚስ እስከ ወገቡ ሰንጥቃዋለች። ደንበኛዋ ያንን ቀን የሰፈሩን ሰው ሁሉ ሰብስባ ያለችውን እናትዬው አልደገመችልኝም። ከዚያ ወዲያ በየቀኑ፣ እሑድ ሳይቀር፣ አንድ ነገር ብቻ አስተማረቻት። የራስሽ ያልሆነ ዕቃ ፊትሽ ከተቀመጠ እጅሽን ሰብስቢ፣ የማን እንደሆነ ጠይቂ፣ ባለቤቱ ሲፈቅድልሽ ንኪ። ሁለት ዓመት ፈጀ። አሁን በሱቁ ውስጥ የትኛው ጨርቅ የማን እንደሆነ ከእናቷ ይልቅ እሷ ታውቃለች። አንድ ሰውዬ የሌላ ሰው ሱሪ ይዞ ሊወጣ ሲል በር ላይ ቆማ አስመልሳዋለች። ዳኛ የተባለችውም ከዚያ በኋላ ነው።

«እዚህ ደግሞ ስንት የሚያጓጓ ነገር ይኖራል ብዬ እንቅልፍ አልወሰደኝም» አለች። «አላሳፈረችኝም።»

ወደ ክፍሉ ተመለስኩ።

አለቃዬ ፈርመው እስክሪብቶውን ወረቀቱ ላይ አስቀምጠውልኛል። ቀጣዩን ስም እያነበቡ ነበር። ቆሜ ስቀር ቀና አሉ። የሰማሁትን ነገርኳቸው፤ እየተንተባተብኩ፣ ግማሹን ሁለት ጊዜ። መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ።

«ልጄ፣ ለያንዳንዱ ልጅ አንድ ታሪክ አለ። እኔ ታሪኩን መስማት ከጀመርኩ የአንዱን ውጤት ከሌላው ጋር በምን አስተያየዋለሁ?»

ክፉ ሴት አይደሉም። በቀን አሥራ ሁለት ልጅ ያያሉ። ንግግራቸውም ስሕተት የለውም፤ በትምህርት ቤት እኔም እንዲሁ ነው የተማርኩት።

«ዜሮ ማለት ሞክራ አልቻለችም ማለት ነው» አልኩ። «እሷ አልሞከረችም። ፈቃድ እየጠየቀች ነበር። እኛ ነን ያልመለስንላት።»

«ፈርሚ።»

«አልፈርምም።»

እንደዚያ ያልኩት እኔ መሆኔን ለማመን ትንሽ ጊዜ ወሰደብኝ። ሸሚዜ ጀርባዬ ላይ ተጣብቋል።

የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ ቢሮ ተጠራሁ። ረጋ ብለው አስረዱኝ። የተማሪዎቹ ስም ዝርዝር ዓርብ በስድስት ሰዓት ለትምህርት ቤቶች ይላካል። ሁለት ፊርማ የሌለው ፋይል ከዝርዝሩ ይወጣል፤ ልጅቷ የምትታየው በሚቀጥለው ዓመት ነው። ስለዚህ ብፈርምም ባልፈርምም ለልጅቷ ለውጥ የለውም፤ ለእኔ ግን ለውጥ አለው፤ የሙከራ ጊዜዬ አላለቀም። ይህን ሲሉ ፈገግ ብለው ነበር።

የሚጠፋው የእኔ ሥራ ብቻ ሳይሆን የልጅቷም ዓመት ስለነበር፣ ከሥራ ስወጣ ልብስ ሰፊዋ ሱቅ ድረስ ሄድኩ። ሁሉንም ነገርኳት። ዜሮዎቹን፣ ዓርብን፣ «ያለ ምክንያት» ብዬ መጻፌንም። የማሽኑን ፔዳል መርገጥ ሳታቆም ሰማችኝ። ጠርዙን ጨርሳ ክሩን በጥርሷ በጠሰች።

«ሁለት ዓመት ሙሉ ያስተማርኳትን ነው ዜሮ ያላችሁት?»

«አዎ እትዬ።»

«አንቺም ጽፈሻል።»

«ጽፌያለሁ።»

ጨርቁን ገልብጣ ሌላውን ጠርዝ ያዘች። ቢያንስ ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

«በይ እንግዲህ አትፈርሚ» አለች በመጨረሻ። «የቀረውን ለኔ ተይው።»

ረቡዕ ጠዋት እናትና ልጅ ከኃላፊው በር ፊት ለፊት ያለው አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠው አገኘኋቸው። እናትዬው በእጅ የሚሰፋ ሥራ በከረጢት ሞልታ አምጥታለች፤ አንድ ሱሪ ትጠርዛለች። ልጅቷ ቁልፍ በመጠን በመጠኑ ትለያለች። ለሚያልፈው ሁሉ ጥያቄ አላት። ጃንጥላው የማን ነው? ፋይሉስ? ሠራተኞቹ መጀመሪያ ቀን ሳቁ፤ በሁለተኛው ዕቃቸውን ደብቀው ማለፍ ጀመሩ። ጥበቃው ተነሡ ሊላቸው ሲመጣ ልጅቷ ወንበሩ የማን እንደሆነ ጠየቀችው። ሰውየው ትንሽ አሰበና «የሕዝብ ነው» አለ። እናትዬው አመስግና ስፌቷን ቀጠለች። እሱም ተመልሶ ሄደ።

ኃላፊው ወጥተው ሲያናግሯት ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። ልጇ የምትጠየቀውን እንደ ሰው ትጠየቅ፣ ካልቻለች አልቻለችም፣ እሷ ግን እስከዚያ ድረስ ሥራ ስላላት አትሰለችም አለቻቸው። ዓርብ ያልፋል አሏት። «ይለፍ ጌታዬ። ቅዳሜም አለ።»

ወሬ እግር አለው። ሐሙስ ጠዋት ባለፈው ወር ልጁ የተመለሰበት ሹፌር መጥቶ የልጄን ቅጽ ልይ አለ። ከሰዓት በኋላ አግዳሚው ሞልቶ ሰው ግድግዳ ተደግፎ ቆመ። አንዷ እናት ልጇ አንድን ነገር ከመንካቱ በፊት እንደሚያሸት፣ ይህን ግን ማንም እንዳልጠየቃት እየተነሣች ስትናገር ሰማሁ። አለቃዬ ዕቃውን አሽትቶ ሳይጨርስ አንሥተውበት ነበር። የዚያንም ልጅ ዜሮ የጻፍኩት እኔ ነኝ።

ዓርብ በሦስት ሰዓት አለቃዬ ራሳቸው በሩን ከፈቱና ዳኛዋን በስሟ ጠሩ። ኃላፊው አዘዋቸው ይሁን ራሳቸው ወስነው አላወቅሁም፤ እስከ ዛሬም አልጠየቅኋቸውም።

አራቱ እንጨቶች ተደረደሩ። እጆች ከጭን ሥር ገቡ። «የማን ነው?»

አለቃዬ መመሪያውን አዩት። አሥራ ዘጠኝ ዓመት በዚያ ክፍል ውስጥ ለልጅ መልስ ሰጥተው አያውቁም።

«የኔ ነው» አሉ። «ፈቅጄልሻለሁ።»

ልጅቷ ፊታቸውን በደንብ አጥንታ፣ እውነት መሆኑን ስታረጋግጥ፣ ቀዩን አንሥታ ሰጠቻቸው።

ተአምር አልተፈጠረም። ከሦስት በላይ መቁጠር አልቻለችም። ሦስት ማዕዘኑን «ኮሌታ» አለችው፤ ቅጹ ኮሌታ የሚል ቦታ የለውም። ዶቃዎቹን ሰክታ ስትጨርስ ጫፉን ቋጥራ በጥርሷ ልትበጥሰው ስትል ደረስንባት። ሸሚዙን ግን ከእኔ ፈጥና ቆለፈችው፣ አንዱ ቁልፍ ሊወልቅ መድረሱንም ለአለቃዬ በቁጣ አሳየቻቸው። አሥራ አንድ አገኘች። አሥራ ሦስት ዜሮም ጻፍኩ፤ እነዚህ ዜሮዎች የራሷ ነበሩ፣ እጄም አልከበደኝም። ፈረምኩ። ስሟ በዝርዝሩ ላይ የገባው አምስት ሰዓት ከሃያ ላይ ነው።

እናትዬው ስትሰማ አላለቀሰችም። «የመቼ ነው ምዝገባው?» አለች፣ ሱሪውን እያጣጠፈች።

ከእሷ ኋላ ግን ሹፌሩ አለ፤ ዕቃ የሚያሸተው ልጅ እናትም አለች። ኃላፊው ወጥተው የእነሱ ፋይል ተፈርሞ የተዘጋ መሆኑን፣ የተዘጋ ፋይል እንደማይከፈት ነገሯቸውና ወደ ቢሮአቸው ገቡ።

እኔ ወደ ማኅደር ክፍሉ ሄድኩ። ምሳ ሰዓት ስለነበር ማንም አልነበረም። ሥራ ከገባሁ ጀምሮ የፈረምኳቸውን የተመለሱ ልጆች ቅጾች አንድ በአንድ አወጣሁ። አስተያየቶቼን አነበብኩ። ያለ ምክንያት ታለቅሳለች። ያለ ምክንያት ያሸታል። ያለ ምክንያት ጠረጴዛ ሥር ይገባል። ሠላሳ አንድ ነበሩ፣ ሁሉም በሚያምር ጽሑፍ።

የጻፍኩት ደብዳቤ ግማሽ ገጽ አልሞላም። በነዚህ ሠላሳ አንድ ቅጾች ላይ ያኖርኩትን ፊርማ አንሥቻለሁ፣ የልጆቹን ምክንያት ሳልጠይቅ ነው የፈረምኩት፣ አሁን ያላቸው አንድ ፊርማ ብቻ ስለሆነ ቅጾቹ እንደ ተዘጉ አይቆጠሩም። የእያንዳንዱን ልጅ ስም ከነመዝገብ ቁጥሩ አያያዝኩ።

ከምሳ መልስ የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ ደብዳቤውን አንብባ ስትጨርስ በሩ መዘጋቱን ዞራ አየች።

«አንቺ ልጅ፣ ይሄ እኮ ከሥራ ያስወጣሻል። ዝም ብለሽ የምትኖሪ ልጅ አልነበርሽ እንዴ?»

ማኅተሙን ባንኮኒው ላይ ወደ እሷ አስጠጋሁት።

«ገቢ አድርጊልኝ» አልኳት። «ማኅተሙ በደንብ ይታይ።»