ቀጥቃጮቹ እሳት ያጠፉ ጊዜ

የኔአለም የሞተችው ፋሲካ ባለፈ በሁለተኛው ሳምንት ነው። ባሏ አለኸኝ መካነ ሰላም ገበያ ግርጌ ከሚሠሩት ቀጥቃጮች አንዱ ሲሆን ማኅበራቸውም ዳኛ አድርጎ የመረጠው እሱን ነበር። እሱ ማረሻ ሲቀጠቅጥ፣ እሷ ወናፍ ስታናፋ፣ ጎጆ ከወጡ ጀምሮ ከአንድ እሳት ዳር ተለያይተው አያውቁም።

ዕድሩ ድንኳኑን ላከ፤ ሰዉም መጣ። አስከሬኑ ሊነሳ ሲል ግን ቃሬዛውን ለመያዝ የሚጠጋ ጠፋ። የዕድሩ ሹም አሻግሬ ጉሮሮውን ጠራረገና፣ «ወገኖቿ ይሸከሟት፤ እኛ ከኋላ እንከተላለን» አለ። ከሴቶቹ መሃል አንዷ፣ «ቡዳ ተሸክሞ ማን በጤና ያድራል?» ስትል ሁሉም ሰማት። ዝም በይ ያላት አልነበረም።

በአገሩ ባል የሚስቱን ቃሬዛ አይሸከምም። አለኸኝ ግን ነጠላውን ወገቡ ላይ አሰረና ትከሻውን ከፊት እንጨት ሥር አስገባ። የሥራ ባልደረባው ውበቱ ከጎኑ ገባ፤ ሌሎቹ ቀጥቃጮች ንጉሡና ሃሩን ከኋላ ያዙ። ሃሩን እስላም ነው፤ እስከ ቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ድረስ ትከሻውን ለሌላ አልለቀቀም። ዕድርተኛው ራቅ ብሎ ተከተለ።

ሣልስቱ እንዳለፈ ቀጥቃጮቹ አለኸኝ ቤት ተሰበሰቡ። ማኅበሩ የአያቶቻቸው ነው፤ ክርስቲያኑም እስላሙም በአንድነት ያቆሙት። ሕጉ አልተጻፈም፤ ሁሉም ግን ያውቀዋል፦ አንዱ የሌላውን ደንበኛ አይነጥቅም። አንዱ ቢታመም ሌሎቹ ይሠሩለታል። ዳኛው እሳት አጥፉ ካለ እሳት ይጠፋል። ይህ የመጨረሻው ሕግ የሠራው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ በጃንሆይ ዘመን የአንድ ባላባት አሽከር ቀጥቃጭ ገርፎ፣ የአለኸኝ አያት እሳት አስጠፍተው፣ ባላባቱ ራሱ በበቅሎ መጥቶ ካሣ ከፍሏል ይባላል።

«እኔ ከነገ ጀምሮ እሳት አላነድም» አለ አለኸኝ። «የእናንተንስ አጥፉ ልበል?»

«የመኸር እርሻ እኮ ደረሰ፤ ገበሬው ምን ይሁን?» አለ ውበቱ።

«ለዚያ ነዋ! በጥቅምት ብናጠፋው ማን ዞር ብሎ ያየናል?» አለ አለኸኝ።

ሃሩን ሳቀ። «ወላሂ እውነት ነው። አጥፋ በለን።»

«አጥፉ» አለ አለኸኝ።

መጀመሪያ ሰው ኀዘን መስሎት ታገሠ። ግንቦት ሲገባ ግን ገበሬው የደነዘ ማረሻውን በትከሻው እየያዘ ከየቀበሌው ወረደ። ያገኘው ቀዝቃዛ አመድና ግድግዳ ተደግፈው የተቀመጡ ቀጥቃጮችን ነው። ወሬው በአንድ ገበያ ቀን የቦረናን ወረዳ አዳረሰ።

የቀበሌው ሊቀመንበር አለኸኝን አስጠራው። ከሊቀመንበሩ ጀርባ የሕገ መንግሥቱ አንድ ገጽ በመስታወት ተሰቅሏል።

«ይሄ ፀረ ልማት ሥራ ነው። ማን አደራጃችሁ?»

«አያቶቻችን።»

«በግድ ብናሠራችሁስ?»

«መዶሻውን አንሥተው ይሞክሩት» አለ አለኸኝ። «እዚያ የሰቀሉት ወረቀት ሰው ሁሉ እኩል ነው ይላል አሉ። እኔ ማንበብ አልችልም፤ እርስዎ ግን ያነባሉ። ሚስቴን ማን እንደተሸከማት ያውቃሉ?»

ሊቀመንበሩ በቀብሩ ላይ ነበር። አቀረቀረና አሰናበተው።

ጥቂት ገበሬዎች ማረሻቸውን ሰብስበው በጭነት መኪና ወደ ጎረቤቷ ከተማ ደጎሎ ሄዱ። የደጎሎው ቀጥቃጭ ከየት እንደመጡ ጠየቀ፤ መካነ ሰላም ሲሉት ወናፉን አቆመና፣ «ወንድሞቼ እሳት ያጠፉበትን ብረት እኔ አላሞቅም» ብሎ መለሳቸው።

ለቀጥቃጮቹም ቀላል አልነበረም። የየቤቱ ዱቄት ተሟጠጠ። ጅዳ በሰው ቤት የምትሠራው የሃሩን እህት ፈይዛ በሰው እጅ በላከችው ገንዘብ እህል ተገዝቶ ለሁሉም ተከፋፈለ፤ ያም አለቀ። አንድ ጧት አለኸኝ ከንጉሡ ጓሮ የመዶሻ ድምፅ ሰማ። ከድምፅ ሁሉ መዶሻ አይደበቅም፤ ከተማው በሙሉ ሰምቶታል። ሄዶ ከአጠገቡ ተቀመጠ። ንጉሡ ጉጠቱን እንደያዘ ላብ በላብ ሆኗል።

«አያ አለኸኝ፣ አፉ በሉኝ። ሚስቴ ልትወልድ ነው፤ ቤቴ ባዶ ነው።»

«አውቃለሁ። ልጅህ ሲወለድ ጎረቤቶችህ የልጆቻቸውን ፊት በነጠላ ይሸፍናሉ። ከማን ዓይን ይመስልሃል?»

ንጉሡ የጋለውን ብረት አየው። ሳይጨርሰው ውሃ ውስጥ ነከረው፤ እሳቱንም አጠፋ።

በሰኔ መባቻ ሽማግሌዎች አሻግሬን ይዘው ወደ አለኸኝ ደጅ መጡ። የየኔአለም አርባ ተቃርቦ ነበር።

«አጥፍተናል» አለ አሻግሬ ዓይኑን ሳያነሣ። «ለአርባዋ ዕድሩ ይመጣል። ምግቡን እኛ አዘጋጅተን ይዘን እንመጣለን፤ አንተ አትቸገር።»

አለኸኝ ነገሩ ገባው። መጥተው ሊታዩ ፈልገዋል፤ ከቤቱ ግን ሊቀምሱ አልፈለጉም። ቢናደድም ድምፁን ከፍ አላደረገም።

«እንጀራችሁን ይዛችሁ ከመጣችሁ፣ ማረሻችሁንም ይዛችሁ ተመለሱ። ልጄ የሻለም ትጋግራለች፤ በሷ እጅ የተሠራውን የበላ ሰው ማረሻው ይሳልለታል። ያልበላ በጣቱ ይረስ።»

«አንተ ሰው፣ በረሃብ ልትፈጀን ነው?» አለ አንዱ ሽማግሌ።

«እስከ ዛሬ እናንተን ያበላችሁ ማን ሆነና ነው?»

በአርባዋ ዕለት ከብት አልታረደም፤ ሃሩንና ሌሎቹ እስላሞች እንዲበሉ የቀረበው ምስርና ሽሮ ነው፤ ለእነሱ ብርዝ፣ ለክርስቲያኑ ጠላ። ሰዉ ድንኳኑን ሞልቶ ተቀመጠ። የሻለም ገበታውን ከመሃል አኖረችው። እጁን የዘረጋ የለም። እንፋሎቱ ከወጡ ላይ እየሳሳ ሲሄድ አለኸኝ ቆሞ አየው።

ያኔ ባሏ ሞቶባት በሬ እያጣመደች የምታሳርሰው በለጡ ከሴቶቹ መሃል ተነሣች። ገበታው ዳር ቁጢጥ ብላ ትልቅ ጉርሻ ጠቅልላ ጎረሰች።

«ምን ታፈጣላችሁ?» አለች አፏ እንደሞላ። «ይህ ሰው በሠራው ማረሻ ያረስነውን ስንበላ ኖረን፣ መቼ ሞትን? የኔአለም ልጄን ያዋለደችልኝ ሴት ናት፤ የዚያን ቀን ቃሬዛዋን አንሡ ባለማለቴ እግዜር ይቅር ይበለኝ።» ዞራ የሻለምን፣ «ወጥ ጨምሪልኝ» አለቻት።

አንድ ሽማግሌ ቀረበ። ከዚያ ሁለት ሆኑ። ከዚያ ገበታው አልበቃም። ግማሹ የበላው ከልቡ ነው፣ ግማሹም ስለ ማረሻው፤ አለኸኝ አልመረመረም። አንዳንዶች ግን ሹልክ ብለው ወጡ። ከወጡት አንዱ አሻግሬ ነበር።

በማግሥቱ ገበያው ግርጌ ላይ ወናፎቹ ተነፉ፤ መዶሻዎቹም ተቀባበሉ። የበሉት ተሰለፉ። ያልበሉት ቆመው አዩና ተመለሱ፤ ማኅበሩም ያልበላ ሰው ማረሻ አልተቀበለም። አሻግሬ በደነዘ ማረሻ መሬቱን ሲፍቅ፣ በሬዎቹ ሲደክሙ፣ ጎረቤቶቹ ዘርተው ሲጨርሱ ሰነበተ። በመጨረሻ አንድ ጠዋት ማረሻውን በጨርቅ ጠቅልሎ መጣና ራቅ ብሎ ቆመ።

አለኸኝ አየው፤ መቀጥቀጡን አላቋረጠም። «የሻለም፣ ለእንግዳው ጠላ ቅጂለት» አለ።

ጣሳው አሻግሬ እጅ ገባ። ገበያተኛው ይመለከተው ጀመር። አሻግሬ ጣሳውን፣ ከዚያ ሰዉን፣ ከዚያ እሳቱን አየ። ጠጣ። እስከ አተላው ጠጣ።

«ሌላ ልቅዳልዎት?» አለችው የሻለም።

«ቅጂልኝ ልጄ» አለ ጣሳውን እየዘረጋ።

አለኸኝ ጉጠቱን ዘረጋና ማረሻውን ተቀበለው።